በ65 ሺህ ፓውንድ የተጻፈ ጭራቅ፦ የአነስተኛ በጀት ፊልም ጸሐፊ ሥራው ምንድን ነው?

በ2025 መጨረሻ የጊለርሞ ዴል ቶሮ «ፍራንከንስታይን» ኔትፍሊክስ ላይ ሲወጣ ፊልም ወዳዶች መካከል ሁለት ነገር ይወራ ነበር። አንዱ ጥያቄ ነው። ይህን ታሪክ ማንም ተነሥቶ ይሠራዋል እንዴ? ፈቃድ የሚሰጥ ባለቤት የለውም? ሌላው ድምዳሜ ነው። ፊልሙ ወደ 120 ሚሊዮን ዶላር እንደፈጀ ስለተዘገበ፣ «ብር ካለ እንዲህ ያምራል፤ ብር ከሌለ ግን ጸሐፊው ምን ቢጽፍ ያው ነው» ይባላል።

ለሁለቱም መልስ የሚሆን ሥራ የሠራ አንድ ሰው አለ። ጂሚ ሳንግስተር ይባላል። ዌልስ ውስጥ በ1927 ተወለደ፣ በ2011 ሞተ (ዓመተ ምሕረቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። በ1956 ገና 28 ዓመቱ ሳለ ያንኑ የፍራንከንስታይን ታሪክ 65 ሺህ ፓውንድ አካባቢ ለሚፈጅ ፊልም ጻፈው። ያ ፊልም የእንግሊዝን ሆረር ከተኛበት ቀሰቀሰው፣ ሐመር የሚባለውን ትንሽ የፊልም ድርጅትም በዓለም ሁሉ አስጠራው።

የዚህን ሰው የሥራ ሕይወት ስንከተል አንድ ብዙ ጊዜ የሚዘነጋ ነገር ቁልጭ ብሎ ይታያል። በርካሽ ፊልም ውስጥ ገንዘብ ማውጣት የሚጀምረው ጸሐፊው ነው። «ዝናብ ይዘንባል» ብሎ ከጻፈ ውሃ የሚረጭ መኪና አዘዘ ማለት ነው። «ሕዝቡ ችቦ ይዞ ወጣ» ካለ የመቶ ሰው ልብስና ምሳ አዘዘ። ካሜራ ሳይነሳ፣ ተዋናይ ሳይቀጠር፣ ወጪው ወረቀቱ ላይ ተወስኗል።

ዘውግ፣ አነስተኛ በጀትና የእንግሊዝ ገበያ

ቃሉን ቀድመን እናጥራው። «ዘውግ» ዛሬ በፖለቲካ ወሬያችን ሌላ ትርጉም ስለያዘ ግር ሊል ይችላል። በኪነ ጥበብ የሥራ ዓይነት ማለት ነው፤ ሆረር፣ ወንጀል፣ ሳይንሳዊ ልብ ወለድ፣ ኮሜዲ። የዘውግ ፊልም ተመልካቹ ትኬት ሲቆርጥ በግምት ምን እንደሚያይ የሚያውቀው ፊልም ነው። ቫምፓየር አለ ከተባለ ደም ይጠብቃል። ይህ ለርካሽ ፊልም ትልቅ ጥቅም አለው። ኮከብ ተዋናይ መክፈል ባይቻል እንኳ የዘውጉ ስም ራሱ ሰው ይጠራል።

እንግሊዝ ውስጥ ደግሞ ርካሽ ፊልም እንዲኖር ያደረገው ፖሊሲም ጭምር ነው። ቋንቋው አንድ ስለሆነ የሆሊዉድ ፊልም ያለ ትርጉም ገብቶ ገበያውን ይወስደዋል። ስለዚህ መንግሥት በ1927 ሲኒማ ቤቶች የተወሰነ ድርሻ የአገር ውስጥ ፊልም እንዲያሳዩ የሚያስገድድ ሕግ አወጣ። ኮታውን ለመሙላት ብቻ በጥድፊያ የተሠሩ ፊልሞች በዙ፤ «ኮታ ኩዊኪ» ይሏቸው ነበር፤ የኮታ ጥድፊያ እንደማለት ነው። በ1950 ደግሞ ኢዲ ሌቪ የተባለ መዋጮ መጣ። ከእያንዳንዱ ትኬት ትንሽ ይቆረጥና ቋት ውስጥ ይገባል፤ ከቋቱ ለእንግሊዝ ፊልም ፕሮዲዩሰሮች ፊልማቸው ባስገባው ገቢ ልክ ይከፋፈላል። በ1957 ግዴታ ሆነ፣ እስከ 1985 ቆየ።

ገንዘቡ የሚደርሰው ለማን እንደሆነ ልብ በሉ። ለፕሮዲዩሰሩ ነው። በፊልሙ ገቢ ልክ የሚያድግ ክፍያ ነበር፤ ጸሐፊው ግን ቋቱ አጠገብ አልነበረም።

ደመወዝተኛው ጸሐፊ ሲሆን

ሳንግስተር ፊልም ሥራ የገባው በአሥራዎቹ ዕድሜው ነው። ከታች ጀመረ፤ ክላፐር ቦርድ መምታት፣ መላላክ፣ ከዚያ ረዳት ዳይሬክተር፣ ከዚያ ፕሮዳክሽን ማናጀር። ፕሮዳክሽን ማናጀር ማለት የቀረጻውን ቀን የሚመድብ፣ መኪና የሚያዝ፣ ምግብ የሚያቀርብ፣ ትርፍ ሰዓት እንዳይከፈል የሚጨነቅ ሰው ነው። ሐመር ቤት ይህን ሲሠራ ዓመታት አሳለፈ።

ወደ ጽሑፍ ያስገባው የሌላ ጸሐፊ ቅሬታ ነው። ናይጄል ኒል የተባለው ደራሲ ለቢቢሲ ፕሮፌሰር ኳተርማስ የሚባል ገጸ ባሕርይ ፈጥሮ ነበር። የቢቢሲ ተቀጣሪ ስለነበረ የፊልም መብቱን የሸጠው ቢቢሲ ነው፤ ሐመር በ1955 ፊልም አድርጎት አተረፈበት። ሐመር ሌላ ፊልም ሊደግም ሲያስብ ኒል «ገጸ ባሕርዬን አትነኩም» አለ። ስለዚህ ሐመር ተመሳሳይ፣ ግን ኳተርማስ የሌለበት ታሪክ ፈለገ።

ስብሰባው ላይ ሳንግስተር አንድ ሐሳብ ጣል አደረገ። አደጋው ከጠፈር መምጣቱ ቀርቶ ከመሬት ሥር ይምጣ። ፕሮዲዩሰሩ አንቶኒ ሃይንድስ «እንግዲያው አንተው ጻፈው» አለው። ሳንግስተር ከጊዜ በኋላ እንዳወጋው እኔ ጸሐፊ አይደለሁም ብሎ ተከራክሯል። የተሰጠው መልስ ቀላል ነበር። ከወደድነው እንከፍልሃለን፤ ካልወደድነው ደግሞ ደመወዝህ አለልህ። እንዲህ ሆኖ በ1956 «ኤክስ ዘ አንኖውን» ተሠራ።

እዚህ ንግግር ላይ ትንሽ መቆየት ያስፈልጋል፤ የርካሽ ፊልም አሠራር በሙሉ እዚያው ይታያል። ሐመር አዲስ ጸሐፊ ሲሞክር ምንም አልከሰረም፤ ሰውየው ቀድሞውኑ ደመወዝ ይበላል። ሳንግስተርም አልከሰረም፤ ሥራው ተጠብቆለታል። በምላሹ ሐመር ያገኘው የስቱዲዮውን በር፣ ኮሪደርና የሠራተኛ ክፍያ በቃሉ የሚያውቅ ጸሐፊ ነው። እንዲህ ዓይነት ጸሐፊ በማስታወቂያ አይገኝም።

ባለቤት የሌለው መጽሐፍ፣ ባለቤት ያለው ፊት

አሁን ወደ መጀመሪያው ጥያቄ እንምጣ። ሜሪ ሼሊ «ፍራንከንስታይን»ን ያሳተመችው በ1818 ነው። የመጽሐፉ የቅጂ መብት ዘመን አልፏል። እንዲህ ያለ ሥራ «ፐብሊክ ዶሜይን» ውስጥ ገባ ይባላል፤ የሁሉም ሆነ፣ ማንም ያለ ፈቃድና ያለ ክፍያ ሊሠራበት ይችላል ማለት ነው። ዴል ቶሮም ሆነ ሐመር ለሼሊ ወራሾች የሚከፍሉት ነገር የለም።

ጣጣው ሌላ ቦታ ነው። ብዙ ሰው ፍራንከንስታይን ሲባል የሚያየው ጠፍጣፋ ጭንቅላትና አንገት ላይ የተሰካ ብረት የመጽሐፉ አይደለም። ዩኒቨርሳል በ1931 ለሠራው ፊልም ጃክ ፒርስ የፈጠረው ሜካፕ ነው። መጽሐፉ የሁሉም ነው፤ ያ ፊት ግን የዩኒቨርሳል ነው። ሐመር ሥራውን ሲጀምር ዩኒቨርሳል ከፊልሙ አንዲት ነገር ብትወሰድ እንደሚከስ አስጠነቀቀ።

ለሳንግስተር ይህ ሁለተኛ አጥር ሆነ። አንደኛው አጥር ገንዘብ፣ ሁለተኛው ሕግ። ጭራቁ እንደ ድሮው መምሰል ካልቻለ ተመልካቹን ምን ይይዘዋል? ሳንግስተር ዓይኑን ከጭራቁ ላይ አንሥቶ ሠሪው ላይ አደረገ። በ1957 በወጣው «የፍራንከንስታይን እርግማን» ውስጥ የሚያስፈራው ባሮን ፍራንከንስታይን ራሱ ነው። የተማረ፣ ጨዋ፣ ልብሱ የጸዳ፣ ለምርምሩ አንጎል ሲፈልግ እንግዳውን ከደረጃ ገፍትሮ የሚገድል ሰው። ፒተር ኩሺንግ ተጫወተው። ክሪስቶፈር ሊ ጭራቁን ሆነ፤ ሜካፑም ከ1931ዱ ጋር ምንም አይገናኝም።

ይህ ውሳኔ ከወጪም አንጻር ድንቅ ነው። ባሮኑን ለማሳየት አንድ ክፍል፣ አንድ ጠረጴዛና ጥቂት ብልቃጥ ይበቃል። ችቦ ይዞ ቤተ መንግሥት የሚከብ ሕዝብ የለም። ሳንግስተር ምክንያቱን ሲናገር አልሸፋፈነም፤ ፕሮዳክሽን ማናጀር ስለነበርኩ ያንን ሕዝብ መክፈል እንደማንችል አውቅ ነበር ብሏል።

መርከቡን የሰረዘው ማን ነው?

በ1958 የወጣው «ድራኩላ» ወደ 81 ሺህ ፓውንድ ፈጀ። ዳይሬክተሩ እንደ መጀመሪያው ፊልም ሁሉ ቴሬንስ ፊሸር ነው። የብራም ስቶከር መጽሐፍ በ1897 የወጣ ሲሆን ለርካሽ ፊልም ፈጽሞ የማይመች ታሪክ ነው። ትራንሲልቫኒያ ይጀምራል፣ በመርከብ ባሕር ይሻገራል፣ እንግሊዝ ይደርሳል፣ የአእምሮ ሕሙማን ሆስፒታል አለው፣ ተኩላ አለው፣ የሌሊት ወፍ አለው፣ መጨረሻ ላይ ሁሉም ሰው ተያይዞ ወደ ትራንሲልቫኒያ ይመለሳል።

ሳንግስተር መርከቡን ሰረዘው። እንግሊዝንም ሰረዛት። ሆስፒታሉንና ሬንፊልድ የሚባለውን ሕመምተኛ አወጣ። ታሪኩን በሙሉ በሠረገላ በሚደረስበት ርቀት ውስጥ ጠቀለለው። በመጽሐፉ ሃርከር ምንም ሳያውቅ ለሥራ የሚሄድ የሕግ ባለሙያ ነው። በፊልሙ ላይብረሪ አደራጅ መስሎ ይገባል፤ የመጣው ግን ድራኩላን ሊገድል ነው። የብዙ ገጽ መግቢያ በዚህች ለውጥ ተቃለለ።

ድራኩላ ወደ ሌሊት ወፍ መለወጡስ? ያኔ በዚያ በጀት ቢሞከር በክር የተንጠለጠለ አሻንጉሊት ነው የሚሆነው፤ ያ ደግሞ ያስቃል። ሳንግስተር ዝም ብሎ አልዘለለውም። ድራኩላን የሚያሳድደው ዶክተር ቫን ሄልሲንግ፣ ቫምፓየር የሌሊት ወፍ ወይም ተኩላ ይሆናል የሚባለው የተለመደ ስሕተት ነው ብሎ እንዲናገር አደረገ። አንድ መስመር ንግግር ነው። ችግሩ ተዘጋ።

በጣም የሚገርመኝ ግን የሬሳ ሣጥኑ ነገር ነው። ቫን ሄልሲንግና ጓደኛው ድራኩላ የት እንደተደበቀ አያውቁም። ሌሊቱን ሙሉ ከቤት ውጭ ቆመው በሩን ይጠብቃሉ። ድራኩላ ግን ከውጭ አይመጣም። ሣጥኑ እዚያው የሚጠብቁት ቤት ምድር ቤት ውስጥ ነው ያለው። ከወጪ አንጻር ሲታይ አዲስ ቦታ አላስፈለገም፤ የነበረው ቤት በቂ ነው። ከታሪክ አንጻር ሲታይ ደግሞ ከዚህ የባሰ ፍርሃት የለም። ጠላት ባሕር ተሻግሮ መምጣቱ ቀርቶ ደረጃው ሥር ተኝቷል።

ስለዚህ «ብር ቢኖር ኖሮ የተሻለ ይጻፍ ነበር» የሚለው ሐሳብ እዚህ ጋ አይሠራም። ብር ቢኖር መርከቡ ይኖር ነበር። መርከቡ ካለ ምድር ቤቱ አይታሰብም።

ይህን ስል ድህነት ጥበብን ይወልዳል እያልኩ አይደለም። ኮታ ለመሙላት የተሠሩት አብዛኞቹ ርካሽ ፊልሞች ዛሬ ማንም አያስታውሳቸውም። ልዩነቱ ያለው ወጪው የሚቀነሰው በማን እንደሆነ ላይ ነው። ጸሐፊው ራሱ ቀንሶ ታሪኩን ካስተካከለ ፊልሙ ሙሉ ይመስላል። ቀረጻ ላይ ፕሮዲዩሰሩ ገጽ ከቀደደ ግን ቀዳዳው ይታያል።

ጸያፍ ነው ወይስ ቅርስ?

በጊዜው አቀባበሉ ሻካራ ነበር። የእንግሊዝ የፊልም ሳንሱር ቦርድ ከ1951 ጀምሮ ከ16 ዓመት በታች ላሉ የሚከለከል «ኤክስ» የሚባል ደረጃ ነበረው። አምራቾች ከቀረጻ በፊት ስክሪፕቱን ለቦርዱ ይልኩ ነበር። «ድራኩላ»ን ያነበበችው የቦርዱ አንባቢ የሳንግስተርን አጻጻፍ ያልተገራ፣ ያልተማረና ጸያፍ አለችው። እዚያው ላይ ግን ከሥሩ የጥሩ ሆረር ታሪክ ቅሪት እንዳለ አልካደችም። ሲ. ኤ. ለዠን የተባለችው የኦብዘርቨር ጋዜጣ ሐያሲ ደግሞ የፍራንከንስታይኑን ፊልም በሕይወቷ ካየቻቸው እጅግ አስጸያፊ ስድስት ያህል ፊልሞች መካከል መደበችው።

ሌላው ወገን ዘግይቶ መጣ። በ1973 ዴቪድ ፒሪ የሐመር ፊልሞች የእንግሊዝ የጎቲክ ሥነ ጽሑፍ ቀጥተኛ ወራሾች ናቸው ብሎ መጽሐፍ ጻፈ። ጎቲክ የሚባለው ጥንታዊ ቤተ መንግሥት፣ መቃብር፣ የተደበቀ ኃጢአትና ፍርሃት የሚነግሥበት የአጻጻፍ ስልት ነው። ከዚያ ወዲህ ሐመር በዩኒቨርሲቲ የሚጠና ሆነ። ከዚህም በፊት በ1968 መንግሥት ራሱ ለሐመር የንግሥቲቱን የኢንዱስትሪ ሽልማት ሰጥቶታል፤ ሽልማቱ ግን ለውጭ ምንዛሪ እንጂ ለጥበብ አልነበረም።

ምስጋናው ለጸሐፊው ይገባል ወይስ ለዳይሬክተሩ የሚለው ክርክር ግን አልተዘጋም። ብዙ ተንታኞች ለፊሸር ያደላሉ። ንድፍ ሠሪው በርናርድ ሮቢንሰንም አለ፤ ብሬይ ስቱዲዮ ቴምዝ ወንዝ ዳር ያለ የድሮ መኖሪያ ቤት ነው፤ ሮቢንሰን እዚያች ጠባብ ቦታ ውስጥ አንዱን አዳራሽ ቀለም ቀይሮ፣ ዓምድ አዙሮ ሦስት አራት ፊልም ይሠራበት ነበር። ተዋናዮቹም አሉ። የ«ድራኩላ» መጨረሻ ላይ ቫን ሄልሲንግን የተጫወተው ኩሺንግ ጠረጴዛ ላይ ሮጦ መጋረጃውን ይጎትታል፣ ከዚያ ሁለት የሻማ መቅረዝ አጋጥሞ መስቀል ይሠራል። ያንን ያመጣው ኩሺንግ ነው። ስክሪፕቱ ላይ መስቀሉን ከኪሱ ያወጣ ነበር፤ ኩሺንግ ግን ሁልጊዜ መስቀል ከኪስ እያወጣሁ መስቀል ሻጭ መሰልኩ አለ። በፊልሙ ታላቁ ቅጽበት የተገኘው ከጸሐፊው አይደለም። ይህም መባል አለበት።

ሌላው ክርክር ይበልጥ ያጓጓል። በ1966 በወጣው ተከታይ ፊልም ውስጥ ድራኩላ አንድም ቃል አይናገርም። ድራኩላን የተጫወተው ክሪስቶፈር ሊ፣ የተጻፈልኝ ንግግር ደካማ ስለነበረ አልልም ብዬ ነው አለ። ሳንግስተር ደግሞ ቫምፓየር ወሬ አያወራም፣ መጀመሪያውኑ ምንም አልጻፍኩለትም አለ። የሳንግስተር ቃል ከአሠራሩ ጋር ይሄዳል፤ በ1958ቱ ፊልም ውስጥም ድራኩላ የሚናገረው መጀመሪያ ላይ ለሃርከር ብቻ ነው፣ ከዚያ በኋላ ዝም። በነገራችን ላይ ያ የ1966 ፊልም ላይ የጸሐፊው ስም ጆን ሳንሶም ይላል። ሳንግስተር ነው፤ የብዕር ስም ተጠቅሞ።

አንድ ጊዜ ተከፍሎት የሄደ

ጸሐፊው ከዚህ ሁሉ ምን አገኘ? በዚያ ዘመን እንግሊዝ የተለመደው ውል የአንድ ጊዜ ክፍያ ነው። ጸሐፊው ይጽፋል፣ ይከፈለዋል፣ መብቱን ያስረክባል። ፊልሙ በጀቱን ብዙ እጥፍ ቢመልስም፣ ለሃምሳ ዓመት በየቴሌቪዥኑ ቢታይም ለጸሐፊው የሚቀር ነገር አልነበረም። የእንግሊዝ ጸሐፊዎች ማኅበር ራሱ የተመሠረተው በ1959 ነው፤ «ድራኩላ» ከወጣ በኋላ ማለት ነው።

ስለዚህ ቶሎ ቶሎ መጻፍ ግድ ነበር። ሐመር ፊልም የሚሸጠው በርዕስና በፖስተር ነው። አለቃው ጄምስ ካሬራስ ፖስተሩን አሠርቶ ለአከፋፋዮች ካሳየ በኋላ ስክሪፕቱ ይታዘዛል። ሳንግስተር እንዳወጋው፣ ካሬራስ ሁለተኛ የፍራንከንስታይን ፊልም ሸጦ መጣና ጻፍ አለው። ሳንግስተር ባሮኑን የመጀመሪያው ፊልም መጨረሻ ላይ ለጊሎቲን አቅርቦታል። «ገድዬዋለሁ እኮ» ቢል፣ ስድስት ሳምንት አለህ፣ አንድ ነገር ታስባለህ ተባለ። አሰበም። አንገቱ የተቆረጠው ባሮኑን ሊናዝዝ የመጣው ቄስ ሆነ። የትዝታ መጽሐፉን ርዕስ ያየ ይህንን ይረዳዋል፤ በአማርኛ «ጥሩ ይሁንልህ ወይስ ለማክሰኞ ይድረስልህ?» እንደማለት ነው።

ከዚህ አዙሪት ለመውጣት ሳንግስተር ሦስት በር ሞከረ። የመጀመሪያው በር ፕሮዲዩሰር መሆን ነው፤ እኔ ከሁሉ ብልህ የምለው እርምጃውም ይኸው ነው። በ1961 ለወጣው «ቴስት ኦፍ ፊር» ማንም ሳያዘው ስክሪፕት ጻፈ። መጀመሪያ ለሌላ ሰው ሸጦት ነበር፤ ያ ሳይሠራ ሲቀር መልሶ ወስዶ ሐመር ጋ አመጣው፣ ፕሮዲዩሰሩ እኔ ከሆንኩ ብሎ። ፊልሙ ጥቁርና ነጭ ነው፣ ዘመኑ የራሱ ጊዜ ነው፣ ሰዎቹ ጥቂት ናቸው፣ አብዛኛው አንድ ቤት ውስጥ ይካሄዳል። ሠረገላ የለም፣ የድሮ ልብስ የለም። ከዚያ በኋላ በዚሁ መንገድ ተከታታይ የሥነ ልቦና ትሪለሮች ሠራ፤ በ1965 ቤቲ ዴቪስ የተወነችበትን «ዘ ናኒ»ንም ጻፈ፣ ፕሮዲዩስም አደረገ።

ሁለተኛው በር ዳይሬክተርነት ነው። ከ1970 እስከ 1972 ሦስት ፊልም ለሐመር አዘጋጀ። ብዙ አልተሳካም። የአሜሪካ ገንዘብ ከእንግሊዝ ሲኒማ እየወጣ፣ ሐመርም እየደከመ ነበር።

ሦስተኛው በር አሜሪካ ነው። በ1970ዎቹ ወደዚያ ተሻግሮ ለቴሌቪዥን ጻፈ። አሜሪካ ውስጥ ጸሐፊዎች በ1960 አድማ መትተው ሬዚዱዋል የሚባለውን ክፍያ ወደ ፊልምም አስፍተው ነበር። ሬዚዱዋል ሥራህ እንደገና ሲታይ ወይም ሲሸጥ በየጊዜው የሚደርስህ ድርሻ ነው። እንግሊዝ ውስጥ ድራኩላን የጻፈ ሰው ያላገኘውን፣ አሜሪካ ውስጥ የአንድ ሳምንት የቴሌቪዥን ክፍል የጻፈ ሰው ያገኝ ነበር።

ዛሬስ?

የሐመር ዘዴ አልሞተም። በ2022 መጀመሪያ የዊኒ ዘ ፑህ የመጀመሪያ መጽሐፍ፣ የ1926ቱ፣ በአሜሪካ ሕግ ፐብሊክ ዶሜይን ገባ። ሪስ ፍሬክ-ዋተርፊልድ የተባለ እንግሊዛዊ ያንን የልጆች ድብ ነፍሰ ገዳይ አድርጎ ጻፈው፣ ራሱም ዳይሬክት አደረገው። ከ100 ሺህ ዶላር በታች ወጣበት፣ ቀረጻው ወደ አሥር ቀን ገደማ ፈጀ፣ ገቢው በዓለም ዙሪያ ከ5 ሚሊዮን ዶላር በላይ ሆነ።

ከ1956ቱ ጋር ስታስተያዩት ሕጉ እንኳ አንድ ነው። መጽሐፉ የሁሉም ሆነ፤ ቀዩ ሸሚዝ ግን የዲዝኒ ነው። ስለዚህ የፊልሙ ፑህ ቀይ ሸሚዝ አይለብስም። ቲገር የሚባለው ነብርም የለም፤ እሱ የመጣው በ1928ቱ መጽሐፍ ስለሆነ መብቱ ገና አላለፈም ነበር። ፖስተሩም እንደ ካሬራስ ጊዜ ፊልሙን ቀድሞ ሸጠው፤ ፎቶዎቹ ኢንተርኔት ላይ ሲለቀቁ ዓለም ተነጋገረባቸው።

ልዩነቱ ስክሪፕቱ ላይ ነው። ይህ ፊልም በራዚ ሽልማት፣ ማለትም የዓመቱ መጥፎ ፊልሞች በሚመረጡበት፣ የመጥፎ ስክሪፕትንም ጭምር ወሰደ። ከሼሊ መጽሐፍ ሳንግስተር የወሰደው አንድ ጥያቄ ነው፤ ጭራቁ ማን ነው? ከፑህ መጽሐፍ የተወሰደው ስምና ጭንብል ነው። በገንዘብ ግን ሁለቱም አትርፈዋል፤ ይህን መካድ አይቻልም። ሐሳብና ፖስተር ብቻ የመጀመሪያውን ሳምንት ትኬት ይሸጣሉ። ከ70 ዓመት በኋላ ሰው መልሶ የሚያየው ግን የተጻፈውን ነው።

ሁለተኛው አዲስ ነገር ሰው ሠራሽ አስተውሎት፣ ኤአይ ነው። የዘውግ ፊልም ቀመር ስለሆነ ማሽን ይጽፈዋል የሚል ክርክር አለ። ክርክሩ ከንቱ አይደለም፤ ቀመሩን ብቻ ለሚፈልግ ፕሮዲዩሰር ያጓጓል። የአሜሪካ ጸሐፊዎች በ2023 ለ148 ቀን አድማ ከመቱባቸው ምክንያቶች አንዱ ይኸው ነበር፤ በስምምነቱም ኤአይ ጸሐፊ ተብሎ እንዳይመዘገብ፣ ያወጣውም ጽሑፍ እንደ ጸሐፊ ሥራ እንዳይቆጠር አስፈረሙ። እንግሊዝ ውስጥ ክርክሩ አሁንም የቅጂ መብት ሕጉ ላይ ነው። በእኔ ግምት ማሽኑ የቫምፓየር ታሪክ መጻፉ አያጠያይቅም። ሳንግስተር ግን የሚጽፈው የትኛው ክፍል ነገ ጠዋት ባዶ እንደሆነ እያወቀ ነበር። ሣጥኑን ምድር ቤት ያስገባው ያ እውቀት ነው።

ሦስተኛው ለጸሐፊው በቀጥታ የሚጠቅም ነው። ከ2024 ሚያዝያ ጀምሮ ቀረጻ ለጀመሩ፣ ወጪያቸው መካከለኛና ከዚያ በታች ለሆነ ፊልሞች እንግሊዝ 53 በመቶ የሚደርስ የታክስ ድጋፍ ትሰጣለች። ስሌቱ እንዲህ ነው። ፊልሙ ዋና ወጪው 500 ሺህ ፓውንድ ቢሆንና ሁሉም እዚያው ቢወጣ፣ የሚታሰበው 80 በመቶው ነው፤ 400 ሺህ። የዚያ 53 በመቶ 212 ሺህ ይሆናል። ራሱ ድጋፉ ላይ 25 በመቶ ግብር ሲቆረጥ 159 ሺህ ፓውንድ እጅ ይገባል። ከበጀቱ ሲሶ የሚጠጋ ገንዘብ ነው።

ለዚህ ብቁ ለመሆን ፊልሙ ለሲኒማ ቤት የታሰበ መሆን አለበት፤ ከዚያም ዋናው ጸሐፊ ወይም ዋናው ዳይሬክተር እንግሊዛዊ ወይም እዚያ ነዋሪ መሆን አለበት፤ አለዚያ በስምምነት ከሌላ አገር ጋር በጋራ የተሠራ መሆን ይጠበቅበታል። ዳይሬክተሩ ከውጭ ከመጣ የጸሐፊው ስም በብዙ መቶ ሺህ የሚቆጠር ፓውንድ የሚከፍት ቁልፍ ሆነ ማለት ነው። በኢዲ ሌቪ ዘመን ጸሐፊው በመንግሥት ድጋፍ ቀመር ውስጥ እንዲህ አልነበረም።

ገንዘቡ ግን አሁንም የሚከፈለው ለፕሮዲዩሰሩ ድርጅት ነው። የእንግሊዝ የቅጂ መብት ሕግም የፊልም ባለመብት የሚያደርገው ፕሮዲዩሰሩንና ዋናውን ዳይሬክተር ነው። ጸሐፊው የስክሪፕቱ ባለቤት ነው፤ ያንን ደግሞ በውል ያስረክባል። የፊልሙ መብት ስንት ዓመት እንደሚቆይ ሲሰላ ከሚቆጠሩት ዕድሜዎች አንዱ የጸሐፊው ነው፤ ከፊልሙ የሚያገኘው ድርሻ ግን ውሉ ላይ ካልተጻፈ የለም። ሳንግስተር በ1961 «ፕሮዲዩሰሩ እኔ ከሆንኩ» ያለው ስክሪፕቱ ገና በእጁ ሳለ ነው። ዛሬም ለመደራደር የሚመቸው ጊዜ ያው ነው፤ ውሉ ከመፈረሙና የታክስ ቅጹ ላይ ስሙ ከመግባቱ በፊት።